የ51 ዓመቱ ሽማግሌ፦ ሙር ማሪየት እና የረዳት ተዋናይ እንጀራ

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «ከ1930ዎቹ የቀረ አንድ የእንግሊዝ ጥቁርና ነጭ ኮሜዲ አየሁ። በአንድ የተረሳ ባቡር ጣቢያ ውስጥ ጥርስ የሌለው፣ ጸጉሩ የተንጨባረረ ሽማግሌ አለ። ከዋናው ተዋናይ ይልቅ እኔን ያሳቀኝ እሱ ነው። ስሙን ስፈልግ ሙር ማሪየት እንደሚባል ደረስኩበት። ያኔ ዕድሜው ስንት ነበር? ይህን ያህል ችሎታ ያለው ሰው ለምን መሪ ተዋናይ ሳይሆን ቀረ? እንደ እሱ ያለ ረዳት ተዋናይስ በዚያ ዘመን በምን ነበር የሚተዳደረው?»

ከዕድሜው ልነሣ፤ የቀሩት ሁለቱ ጥያቄዎች ከእሱ ይመዘዛሉና። ያዩት ፊልም «ኦ፣ ሚስተር ፖርተር!» መሆን አለበት። የተቀረጸው በ1937 በጋ ነው። ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ፤ ይህ ለእኛ ንጉሠ ነገሥቱ በእንግሊዝ አገር፣ በባዝ ከተማ፣ በስደት የነበሩበት ወቅት ነው። ሙር ማሪየት የተወለደው ሴፕቴምበር 14 ቀን 1885 ከለንደን በስተ ምዕራብ፣ ዌስት ድሬተን በምትባል የሚድልሴክስ መንደር ነው። እንግዲህ ያ ጉልበቱ የከዳው፣ አገጩ ከአፍንጫው ሊገጥም ምንም ያልቀረው ሽማግሌ ካሜራው ፊት ሲቆም ገና 51 ዓመቱ ነበር። የጣቢያ ኃላፊ ሆኖ ሲያመናጭቀው የሚውለው ዊል ሄይ በ1888 ስለተወለደ ያን ጊዜ 48 ዓመቱ ነው። በአለቃውና በሽማግሌው መካከል ያለው የዕድሜ ልዩነት ሦስት ዓመት ብቻ መሆኑን ካወቅሁ በኋላ ፊልሙን እንደ ድሮው ማየት አልቻልኩም። ሦስተኛው፣ ወፍራሙ ልጅ ግራሃም ሞፋት፣ 17 ዓመቱ ነበር።

ማሪየት ሽምግልናን የጀመረው ደግሞ በዚያ ፊልም አይደለም። በ1923 ማኒንግ ሄይንስ የተባለ ዳይሬክተር የደብሊው ደብሊው ጄኮብስን የታወቀ አስፈሪ አጭር ልቦለድ፣ «የጦጣዋን መዳፍ»፣ ድምፅ አልባ ፊልም አድርጎ ሠርቶት ነበር። ሦስት ምኞት ትፈጽማለች የተባለች የደረቀች የጦጣ መዳፍ አንድ ቤት ትገባለች፤ የመጀመሪያው ምኞት ገንዘብ ያመጣል፤ ገንዘቡ ግን የሚመጣው በልጃቸው ሞት ካሳ መልክ ነው። ለሥራ የደረሰ ልጁን በማሽን አደጋ የሚያጣውን አባት፣ ጆን ዋይትን፣ የተጫወተው ማሪየት ነው። 38 ዓመት እንኳ በቅጡ አልሞላውም ነበር።

አሁን «ለምን መሪ ተዋናይ አልሆነም?» ወደሚለው ልምጣ። ጥያቄው ውስጥ የተደበቀ አንድ ግምት አለ፤ ትወና መሰላል ነው፣ ረዳት ተዋናይ መሰላሉ ላይ መሐል መንገድ የቀረ ሰው ነው የሚል። ግምቱ የመጣው ከሆሊውድ ዘመን ነው። ማሪየት የወጣው ከቴአትር ቤተሰብ ነው። በ19ኛው መቶ ዘመን የእንግሊዝ የቴአትር ቡድኖች ተዋናይ ሲቀጥሩ እንደ መሥሪያ ቤት የሥራ መደብ ነበራቸው። ወጣት አፍቃሪ የሚጫወት አንድ፣ ክፉውን ሰው የሚጫወት አንድ፣ አስቂኙን የሚጫወት አንድ፤ ሽማግሌ የሚጫወትም አንድ። «ሽማግሌ» ማለት የዕድሜ ስም ሳይሆን የመደብ ስም ነበር። ሃያ አምስት ዓመት የሞላው ወጣት በሽማግሌነት ተቀጥሮ ዕድሜ ልኩን በዚያው መደብ ሊኖር ይችል ነበር፤ ማንም «አላደገም» አይለውም። እንጨት ጠራቢውን ለምን አንጥረኛ አልሆንክም እንደማይሉት ማለት ነው። የእንግሊዝ ሲኒማ ገና ዳዴ ሲል ሰዎቹን ያገኘው ከዚያ መድረክ ስለነበር ልማዱንም አብሮ ወረሰ። ማሪየት ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት ጀምሮ ፊልም ላይ ሲታይ፣ ይዞ የመጣው ይህንን ሙያ ነው።

ሙያው ደግሞ መሣሪያ ይፈልጋል። የእሱ መሣሪያ አፉ ነበር። በወጣትነቱ ጥርሱን በሙሉ እንዳስነቀለና አራት ዓይነት ሰው ሠራሽ ጥርስ እንደነበረው፣ የሚጫወተውን ገጸ ባሕርይ እያየ አንዱን አውጥቶ ሌላውን ያደርግ እንደነበር ይነገርለታል። ለእርስዎ ያሳቀዎት ሽማግሌ እንግዲህ አንዱንም ያላደረገው ነው።

ይህን እንደ ቀልድ አይለፉት። የድምፅ አልባው ዘመን ጥሬ ፊልም ኦርቶክሮማቲክ የሚባለው ነበር፤ ቀይን ወደ ጥቁር፣ ሰማያዊን ወደ ነጭ ይለውጣል። የሰው ቆዳ ውስጥ ያለው ቅላት ሁሉ ስክሪኑ ላይ ቆሻሻ ይመስል ስለነበር ተዋንያን ፊታቸውን በወፍራም ቀለም ይለስኑ ነበር፤ ሽማግሌ መሆን የፈለገም ሽብሽቡን በብሩሽ ይሥላል። በ1920ዎቹ መጨረሻ ግን ሁሉንም ቀለም የሚያየው ፓንክሮማቲክ ፊልም ቦታውን ወሰደ። ድምፅ ሲመጣ ደግሞ የሚጮኹት የካርቦን መብራቶች ወጥተው ጸጥተኛ የአምፖል መብራቶች ገቡ። በአዲሱ ፊልምና በአዲሱ መብራት ፊት በብሩሽ የተሣለ ሽብሽብ በብሩሽ የተሣለ ሽብሽብ ሆኖ ይታያል። የማሪየት ሽምግልና ከብሩሽ የመጣ አልነበረም። ጥርሱን ሲያወጣ ጉንጩ ይሰረጉዳል፣ ከንፈሩ ወደ ውስጥ ይገባል፣ አገጩ ይወጣል፤ የፊቱ አጥንት ራሱ ሌላ ሰው ይሆናል። በኋላ ማይክሮፎን ሲመጣ ያው ባዶ አፍ ድምፅ ሰጠው፤ ፊደሎቹ የሚያመልጡት፣ ፉጨት የቀላቀለ፣ ቀጭን የሽማግሌ ድምፅ። በእኔ ግምት ከድምፅ አልባው ወደ ድምፃዊው ሲኒማ እንደ እሱ ያለ ጭንቀት የተሻገረ እንግሊዛዊ ተዋናይ ጥቂት ነው፤ የተሻገረውም በዚሁ አፍ ነው።

መሻገሩ ለሌሎች ቀላል አልነበረም። አልፍሬድ ሂችኮክ በ1929 «ብላክሜል»ን ሲሠራ መሪ ተዋናይቱ አኒ ኦንድራ የምሥራቅ አውሮፓ አነጋገር ስለነበራት እሷ ካሜራው ፊት ከንፈሯን ስታንቀሳቅስ ጆን ባሪ የምትባል እንግሊዛዊት ከካሜራው ውጪ ቆማ ቃሉን ትናገርላት ነበር። ለመሪ ተዋናይ ድምፅ መከራ ሆኖ ሳለ ለሽማግሌው ግን ተጨማሪ መሣሪያ ሆነለት።

ግን እዚህ ላይ ጥያቄዎን ማረም አለብኝ፦ ማሪየት መሪ ተዋናይ ሆኖ ያውቃል። በ1928 ዋልተር ዌስት ባዘጋጀው «ስዊኒ ቶድ» ውስጥ የደንበኞቹን ጉሮሮ የሚቆርጠውን የለንደን ፀጉር አስተካካይ፣ ማለትም ዋናውን ሰው፣ የተጫወተው እሱ ነው። ፊልሙ እስከ ዛሬ አለ፤ ሊያገኙት ይችላሉ። የማሪየት ጸጉር አስተካካይ ሳቂታ፣ እጁ የማያርፍ ጉድ ነው፤ የመድረኩ ሜሎድራማ ሙሉ ግርማው ከነግነናው ይታያል። ችግሩ ዓመቱ ነበር። በዚያው ዓመት በሴፕቴምበር ወር «ዘ ጃዝ ሲንገር» ለንደን ውስጥ መታየት ጀመረ፤ ከዚያ በኋላ ድምፅ የሌለው ፊልም ሁሉ እንደ ትናንት እንጀራ ሆነ። የአንድ ሰው ትልቁ ዕድል እንዲህ በቀን መቁጠሪያ ሊበላ ይችላል። ሆኖም ያ ፊልም ተሳክቶ ቢሆን ኖሮ ማሪየት ኮከብ ይሆን ነበር ብዬ አላምንም። ፊልሙ ውስጥ እሱን የምናየው በአንድ ዓይነት ጉጉት ነው፤ ሲወጣ ግን አንናፍቀውም። ኮከብ ማለት ሲወጣ የሚናፈቅ ነው።

አሁን እኔ ከሁሉም በላይ የምወደው ላይ ደረስን። በ1929 ካስልተን ናይት «ዘ ፍላይንግ ስኮትስማን» የሚል የባቡር ፊልም ሠራ። ቦብ የሚባል ሽማግሌ የባቡር ነጂ ጡረታ ሊወጣ የመጨረሻ ጉዞው ደርሷል። ቦብ በሥራ ላይ ሲጠጣ አግኝቶ ያሳጣው አንድ የእሳት ሠራተኛ፣ ማለትም የሞተሩን እሳት ከሰል የሚያበላ ሰው፣ ተባርሮ ቂም ይዟል፤ በመጨረሻው ጉዞ ቀን ሊበቀለው ባቡሩ ላይ ይሳፈራል። በተባረረው ፋንታ የተቀጠረው ወጣት ደግሞ ሳያውቅ የቦብን ልጅ አፍቅሯል። ልጅቷ አባቷን ለማስጠንቀቅ በሚከንፈው ባቡር ጎን ላይ፣ ከውጭ፣ ተንጠልጥላ ወደ ሞተሩ ትሄዳለች። ተዋናይቱ ፖሊን ጆንሰን ይህን ያደረገችው በራሷ እግር ነው፤ ተተኪ አልነበራትም። የባቡር ኩባንያው ዋና መሐንዲስ ናይጀል ግሬስሊ ሲያየው ደንግጦ ስለነበር በፊልሙ መግቢያ ላይ «እንዲህ ያለ ነገር በእኛ መስመር አይደረግም» የሚል ዓይነት ማስተባበያ እንዲገባ ሆኗል። ፊልሙ የተሠራው ሲኒማ በሁለት ዘመን መሐል ተሰንጥቆ በነበረበት ሰዓት በመሆኑ ግማሹ ድምፅ አልባ፣ ግማሹ ድምፃዊ ነው። ተመልካቹ እያነበበ መጥቶ መሐል ላይ ሰዎቹ በድንገት መናገር ይጀምራሉ!

ሽማግሌው ቦብ ማሪየት ነው፤ ጡረታ የሚወጣው ነጂ 44 ዓመት ገደማ። ወጣቱ የእሳት ሠራተኛ ደግሞ በቅርብ ጊዜ ወደ ትወና የገባ ሬይ ሚላንድ የሚባል የዌልስ ልጅ ነበር። ሁለቱ በአንድ የባቡር ሞተር ክፍል ውስጥ፣ ትከሻ ለትከሻ፣ ከሰል እየወረወሩ ይታያሉ። ሚላንድ ከጥቂት ጊዜ በኋላ ወደ ሆሊውድ ሄደ፤ «ዘ ሎስት ዊክኤንድ» በሚለው የ1945 ፊልም የመሪ ተዋናይነትን የኦስካር ሽልማት ወሰደ። ማሪየት እዚያው ቀረ፤ ከስምንት ዓመት በኋላም በሌላ ባቡር ላይ፣ አሁን ለሳቅ፣ ወጣ። ሁለቱን ፊልሞች ተራ በተራ ማየት ትልቅ ትምህርት ነው። ቦብ ጸጥ ያለ፣ የተከበረ፣ እጁ ከማርሹ ላይ የማይነሣ ሰው ነው። የፖርተሩ ሽማግሌ የዚያ ሰው ፌዝ ነው። ማሪየት የራሱን ቁም ነገር በኋላ ራሱ አፌዘበት።

በምን ይተዳደር ነበር? እዚህ ላይ መልሱ ፖለቲካ ነው። በ1920ዎቹ አጋማሽ የእንግሊዝ ሲኒማ ቤቶች ከሚያሳዩት ፊልም ውስጥ የእንግሊዝ የሆነው አምስት በመቶ ገደማ ብቻ ነበር፤ የቀረው በአብዛኛው የአሜሪካ ነው። በኖቬምበር 1924 ስቱዲዮዎቹ ከሥራ ውጪ ሆነው ተቀምጠው ስለነበር ያ ወር በታሪክ «ጥቁሩ ኖቬምበር» ተብሎ ይጠራል። ፓርላማው በ1927 የሲኒማቶግራፍ ፊልሞች ሕግን አወጣ። ፊልም አከፋፋዮችና ሲኒማ ቤቶች ከሚያከፋፍሉትና ከሚያሳዩት ውስጥ የተወሰነ ድርሻ (ኮታ) የእንግሊዝ ፊልም እንዲሆን ግድ ሆነ፤ ለአከፋፋዮች በሰባት ተኩል፣ ለሲኒማ ቤቶች በአምስት በመቶ ጀምሮ በየጊዜው እያደገ በ1930ዎቹ አጋማሽ ሃያ በመቶ እንዲደርስ።

የአሜሪካ ኩባንያዎች ሕጉን ያከበሩት በጣም በርካሽ መንገድ ነው። ለእንግሊዝ አምራቾች «ለአንድ ጫማ ፊልም አንድ ፓውንድ እንከፍላለን፤ ብቻ ርዝመቱን ሙሉልን» አሏቸው። ሂሳቡን ይሥሩት፦ ድምፃዊ ፊልም በደቂቃ 90 ጫማ ይበላል፤ 6,000 ጫማ የሆነ ፊልም ከአንድ ሰዓት ትንሽ ይበልጣል፤ ዋጋው 6,000 ፓውንድ። አምራቹ ትርፉን የሚያገኘው ከዚያ ውስጥ ቆጥቦ ነው። ስለዚህ በሁለት ሳምንት፣ አንዳንዴ ከዚያም ባነሰ ጊዜ ተቀርጾ ያልቃል። የኮታ ፊልም ተባለ፤ የዘመኑ ሐያሲ ሁሉ ሰደበው። ለማሪየት መደብ ግን ይህ የእንጀራ ጎተራ ነበር። በሁለት ሳምንት የሚያልቅ ፊልም ለልምምድ ጊዜ የለውም፤ ዳይሬክተሩ የሚፈልገው ሽማግሌውን ከቤቱ ሠርቶ ይዞ የሚመጣ ሰው ነው። ማሪየት ሁለተኛ ሙከራ የማያስፈልገው ሠራተኛ ነበርና በየዓመቱ በበርካታ ፊልሞች ታየ፤ አንዱ ላይ ዓሣ አጥማጅ፣ አንዱ ላይ የእርሻ ሰው፣ አንዱ ላይ በር ጠባቂ።

በዚያ ላይ የእንግሊዝ ስቱዲዮዎች ኤልስትሪም ይሁን ትዊከንሃም፣ ኢስሊንግተንም ይሁን ሸፐርድስ ቡሽ፣ ለለንደን ቅርብ የሆኑት ያለ ምክንያት አይደለም። ተዋናዩ ቀን ካሜራ ፊት ውሎ ማታ ቴአትር ቤት ይደርስ ዘንድ ነው። ረዳት ተዋናይ ቋሚ ደመወዝተኛ የሚሆንበት የሆሊውድ ዓይነት የረጅም ጊዜ ውል እዚያ እምብዛም አልነበረም፤ በተጠራበት ቀን ይከፈለዋል። ከ1927 ጀምሮ «ስፖትላይት» የሚባል የተዋንያን ፎቶ መዝገብ ይታተም ነበር፤ ቀጣሪው ገጹን እየገለበጠ «ይህን ፊት አምጡልኝ» ይላል። በ1930 ደግሞ የተዋንያኑ ማኅበር ኤኩቲ ተመሠረተ። ፊትዎ ሸቀጥ በሆነበት ገበያ አራት ፊት መያዝ ማለት ምን ማለት እንደሆነ አስቡት።

የ1936ቱ «ዊንድባግ ዘ ሴይለር» ዊል ሄይን፣ ሞፋትንና ማሪየትን ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ ላይ አመጣ። ሄይ ከሙዚቃ አዳራሽ መድረክ የመጣ ትልቅ ስም ነው፤ ምንም የማያውቅ የትምህርት ቤት ኃላፊ ሆኖ በመቅረብ አገሩን ያሳቀ። በነገራችን ላይ ከሥራው ውጪ የከዋክብት ተመራማሪ ነበር፤ በ1933 በሳተርን ላይ የታየውን ነጭ ነቁጥ ያገኘው እሱ ነው። ይህ ሰው በመድረክ ላይ ደንቆሮ፣ በቤቱ ሳይንቲስት። ጌይንስቦሮ የተባለው ኩባንያ በኢስሊንግተን ስቱዲዮው ውስጥ ሦስቱን አሰባሰባቸው፤ በሚቀጥለው ዓመት ማርሴል ቫርኔል የሚባል ፈረንሳዊ ዳይሬክተር «ኦ፣ ሚስተር ፖርተር!»ን ሠራላቸው።

ነገሩን ያውቁታል፦ ለምንም የማይረባ የባቡር ሠራተኛ በዘመድ ጉልበት በሰሜን አየርላንድ ድንበር አጠገብ፣ በግልስኬሊ በምትባል ጣቢያ ኃላፊ ተደርጎ ይላካል። እውነተኛው ጣቢያ ያለው ግን በደቡብ እንግሊዝ ሃምፕሻየር ውስጥ ነው፤ ክሊድስደን ይባላል። ከቤዚንግስቶክ እስከ ኦልተን የሚሄደው መስመር ተዘግቶ ሐዲዱ ሊነቀል የደረሰበት ሰዓት ላይ የፊልም ሰዎች ደረሱ። «ግላድስተን» የምትባለው ባለ ረጅም ጭስ መውጫ ሞተርም በ1899 የተሠራች፣ ከኬንትና ኢስት ሰሴክስ የባቡር መስመር በውሰት የመጣች አሮጌ ናት፤ በ1941 ተፈታ ለብረት ተሸጠች። በፊልሙ ውስጥ ያለው ነገር ሁሉ፣ ከሐዲዱ እስከ ሞተሩ፣ እውነት ያረጀ ነው፤ ያላረጀው ሽማግሌው ብቻ ነው!

አሁን አዲሱ ኃላፊ ወደ ጣቢያው የሚደርስበትን ሌሊት እንደገና ይዩት። ሄይ መስኮቱን ያንኳኳል። መስኮቱ ይከፈታል፤ የሃርቦትል፣ ማለትም ማሪየት የሚጫወተው ሽማግሌ፣ ጭንቅላት ብቅ ይልና «ቀጣዩ ባቡር ሄዷል!» ብሎ ይዘጋዋል። ቃሉ ራሱ ሲያስቡት ትርጉም የለውም፤ የሄደ ባቡር እንዴት ቀጣይ ይሆናል? ነገር ግን ማሪየት እንደ ቀልድ አልተናገረውም። እንደ ጣቢያው ደንብ ነው የተናገረው፤ ለሃያ ዓመት ለመጣ ለሄደው ሁሉ ሲለው እንደኖረ፣ ለዚህኛውም ሲል እንደ ሰለቸው። ሳቁን የሚያመጣው ያ መሰልቸት ነው። ሌላ ተዋናይ ቢሆን ከተናገረ በኋላ ግማሽ ሰከንድ ቆሞ ሳቁን ይጠብቅ ነበር። እሱ መስኮቱን ይዘጋል። ሳቁን ለሄይ ፊት ትቶለት ይሄዳል።

የረዳት ተዋናይ ሙያ ማለት ይኸው ነው። የሄይ ቀልድ የሚሠራው ሥልጣን አለኝ ብሎ የሚያስብ ሰው ግድግዳ ሲመታ ነው፤ ማሪየት ግድግዳው ነው። ሞፋት ሌላኛው ግድግዳ፤ ወፍራምና ነገረኛ። ኃላፊው አዲስ አሠራር ላምጣ ሲል ሽማግሌው ሁልጊዜ ከእሱ በፊት እዚያ ነበር፣ ሁሉንም ያውቃል፤ የሚያውቀው ሁሉ ግን ስሕተት ነው። የሦስቱ ንግግር በፍጥነት አንዱ በአንዱ ላይ ይወጣል፤ ጆሮዎን ካዘነበሉ ግን ማሪየት የሄይን ቃል አንዴም እንደማይሸፍን ይሰማሉ። በትንፋሹ መካከል ያለውን ክፍተት ያውቃታል። ይህን የሚያስተምር ትምህርት ቤት የለም፤ በሁለት ሳምንት የሚያልቁ ፊልሞች ውስጥ ዓመታት መፍጀት ያስተምራል።

ቅርጹ ከሰዎቹ በኋላም ኖሯል። ከ1968 እስከ 1977 በቢቢሲ የታየውን «ዳድስ አርሚ» ከፈጠሩት ሁለቱ ሰዎች አንዱ ጂሚ ፔሪ፣ ጉረኛ አለቃ፣ ሽማግሌና ሞኝ ልጅ የሚለውን ሦስትዮሽ ከዚህ ፊልም እንዳገኘው ተናግሯል።

ሦስቱ አብረው የሠሩት ስድስት ፊልም ነው፤ የመጨረሻው የ1940ው «ዌርስ ዛት ፋየር?» ሆነ። ያበቃው ሄይ ስለፈለገ ነው። የሦስት ሰው ቡድን አንድ አካል መሆን አልወደደም፤ ወደ ኢሊንግ ስቱዲዮ ተሻግሮ ሌሎች ሰዎችን ይዞ ሠራ። የኢሊንጎቹ ፊልሞች መጥፎ አይደሉም፤ «ማይ ለርንድ ፍሬንድ» እንዲያውም ድንቅ ነው። ነገር ግን ግድግዳዎቹ የሉም። ሄይ ይወድቃል፣ የሚወድቅበት ነገር ግን ለስላሳ ነው። እውነቱን ለመናገር ሄይን አልወቅሰውም። ስሙ በትልቁ የተጻፈው ሰው ተመልካቹ ሌላውን ፍለጋ እንደሚመጣ ሲያውቅ ምን ሊሰማው እንደሚችል ከራስዎ ጥያቄ ያዩታል፤ እርስዎም የጻፉልን ስለ ሄይ አይደለምና።

ማሪየት ሥራ አላጣም። ጌይንስቦሮ ለቀልደኛው አርተር አስኪ ፊልሞች ድጋፍ አድርጎ ወሰደው፤ ክሬዚ ጋንግ ከሚባሉት ቀልደኞችም ጋር ሠራ። አብዛኛው ያው ሽማግሌ በሌላ ኮፍያ ነው፤ ብዙ አልቆይበትም። በ1943 ግን ፍራንክ ላውንደርና ሲድኒ ጊሊያት «እንደ እኛ ያሉ ሚሊዮኖች» የሚል ፊልም ሠሩ። ጦርነቱ ሴቶችን ወደ አውሮፕላን ፋብሪካ የጠራበት ዘመን ነው። ሴሊያ የምትባለው ልጅ ከቤቷ ወጥታ ፋብሪካ ትገባለች፤ የሴሊያ አባት ጂም ክራውሰን ማሪየት ነው። የተንጨባረረ ጸጉር የለም፤ ጉምጉም ማለት የለም። ልጆቹ አንድ በአንድ ሲሄዱ ቤቱ ባዶ የሚቀርበት፣ መከፋቱን በቁጣ የሚሸፍን ተራ የሠራተኛ ቤት አባት። ዕድሜው 57 ገደማ ነበር፤ በሃያ ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ማለት ይቻላል የራሱን ዕድሜ ተጫወተ። ከሃርቦትል ያነሰ ዕድሜ ያለው ይመስላል፤ ሃርቦትልን ሲሆን ደግሞ በስድስት ዓመት ወጣት ነበር።

ጊሊያት ፊቱን አልረሳውም። በ1946 «ግሪን ፎር ዴንጀር»ን ሲሠራ ታሪኩን የሚከፍተው በብስክሌት ደብዳቤ የሚያድል አንድ ፖስተኛ ነው። የጀርመን በራሪ ቦምብ ይጎዳዋል፤ ለቀላል ቀዶ ሕክምና ሆስፒታል ይገባል፤ ማደንዘዣ ከተሰጠው በኋላ አይነቃም። ምርመራው ሁሉ የሚጀምረው ከዚህ ነው። ፖስተኛው ማሪየት ነው። ዳይሬክተሩ ለምን እሱን እንደመረጠ የማስበውን ልንገርዎ፦ ፊልሙ ለዚህ ሰው የሚሰጠው ጥቂት ደቂቃ ነው፤ በዚያች ጊዜ ተመልካቹ እንዲያዝንለት ያስፈልጋል። ለማያውቁት ሰው ለማዘን ጊዜ ይፈጃል። ማሪየትን ግን በዚያ ዘመን ሲኒማ ቤት የሚገባ ሁሉ ያውቀዋል። ስሙን ባያውቀው እንኳ ፊቱን ያውቀዋል፤ ስንት ጊዜ አስቆታል። ሠላሳ ዓመት ያጠራቀመው ነገር በሦስት ደቂቃ ወጪ ተደረገ።

በመጨረሻ ዘመኑ በደቡብ ጠረፍ፣ ቦግነር ሪጂስ በምትባል የባሕር ዳርቻ ከተማ፣ አነስተኛ የምግብ ሸቀጥ ሱቅ ነበረው። ዲሴምበር 11 ቀን 1949 እዚያው አረፈ፤ 64 ዓመቱ ነበር። ሄይም የሞተው በዚያው ዓመት በኤፕሪል ነው። ሞፋት መጠጥ ቤት ከፍቶ ኖረና በ1965 ተከተላቸው።

ተጨማሪ ማየት ከፈለጉ ከ«ዘ ፍላይንግ ስኮትስማን» ይጀምሩ፤ ከዚያ ፖርተርን ይድገሙ፤ ከዚያ «እንደ እኛ ያሉ ሚሊዮኖች»። መጨረሻ ላይ የ1939ኙን «አስክ ኤ ፖሊስማን» ያስቀምጡልኝ። ሦስቱ ወንጀል በሌለበት መንደር ፖሊሶች ናቸው፤ አንድ የቆየ ግጥም የመጨረሻ ስንኙ ጠፍቶባቸዋል፤ ሃርቦትል አያስታውሰውም። አባቴ ያውቀዋል ይላል። አባቱ? ይህ ሰው አባት አለው? ይሄዳሉ። ከሃርቦትል ይልቅ የከሰመ፣ የደረቀ፣ ጢሙ የረዘመ አንድ ፍጡር ያገኛሉ፤ ስንኙንም ይነግራቸዋል። ሽማግሌው አባትም ሙር ማሪየት ነው። ያን ጊዜ 53 ዓመቱ ነበር።